ጨለንቆን ተኝቼ ነው ያለፍኩት

ከአዲስ አበባ ሐረር በአውቶቡስ አንድ ሙሉ ቀን ነው። ሌሊት 11 ሰዓት ተነሳን፤ አሰበ ተፈሪን እንዳለፍን ጭንቅላቴን መስኮቱ ላይ አስደግፌ ተኛሁ። ስነቃ ግማሹ ተሳፋሪ «ቁልቢ ደረስን» እያለ ያማትባል። ከቁልቢ በፊት ያለፍናት ከተማ ጨለንቆ እንደነበረች ልብ ያልኩት በማግስቱ ነው።

በማግስቱ አስጎብኚ ያዝኩ። ለብቻዬ፣ ለአንድ ቀን። ጓደኞቼ «ጎግል ማፕ እያለልሽ?» ብለው ስቀውብኝ ነበር። ጀጎል ውስጥ ማፕ የሚባለው ነገር ብዙም አይረዳም። 368 መተላለፊያ አለው ይባላል፤ አንዳንዱ ሁለት ሰው ጎን ለጎን አያሳልፍም፣ ሰማያዊዋ ነጥብ ደግሞ ሰው ሳሎን ውስጥ ገብታ ትቆማለች። ግን እውነቱን ለመናገር አስጎብኚ የፈለግኩት መንገድ ስለሚጠፋኝ አይደለም። የዚያች ከተማ ሰው የከተማውን ታሪክ ለእኔ እንዴት አድርጎ እንደሚነግረኝ መስማት ፈልጌ ነው።

አስጎብኚዬ ሃምሳን የተሻገሩ ሰው ናቸው። ነጭ ኮፊያ፣ የተወለወለ ጫማ፣ አንገታቸው ላይ መታወቂያ። «ጋሼ» አልኳቸው፣ «ልጄ» አሉኝ። የመጀመሪያ ጥያቄያቸው «ከየት ነሽ?» የሚል ነበር።

«ከአዲስ አበባ።»

«እሱማ ታውቋል። ቤተሰብ?»

«ሸዋ። ቡልጋ አካባቢ።»

«እሺ» አሉ ትንሽ ቆይተው። «እንግዲያው በሸዋ በር እንግባ።» ሁለታችንም ሳቅን።

ያልነገርኳቸው ነገር ነበር። ሴት አያቴ እንግዳ ቤት ሲመጣና ጨዋታው ወደ ዘር ቆጠራ ሲሄድ «የእኔ አያት ከምኒልክ ጋር ሐረር የዘመቱ ናቸው» ትል ነበር። እኛ ቤት ሐረር ማለት ያ ነበር። ቡና አይደለም፣ ጅብም አይደለም፤ የአያቴ አያት የዘመቱበት ቦታ ነው። ማን ላይ እንደዘመቱ የጠየቀ ልጅ ግን አልነበረም። እኔም አልጠየቅኩም።

ግንቡ ቁመቱ 4 ሜትር ገደማ ነው፤ ከሩቅ ሲያዩት የሚያስፈራ አይመስልም። ያሠሩት አሚር ኑር ኢብን ሙጃሂድ ናቸው፣ በ16ኛው ክፍለ ዘመን አጋማሽ። አምስት በር አለው፤ በአማርኛ ሸዋ በር፣ ቡዳ በር፣ ሰንጋ በር፣ ኤረር በር፣ ፈላና በር ይባላሉ። በሐረሪኛ ሌላ ስም ነው ያላቸው፤ ሸዋ በር ለነሱ አስማዲን በሪ ነው። ጋሼ ሁለቱንም ነገሩኝ፣ መጀመሪያ የእኔን፣ ቀጥለው የራሳቸውን። «ዙሪያው 6,666 ክንድ ነው» አሉ፤ በሕዝብ ዘንድ የቁርኣን አንቀጾች ቁጥር የሚባለው ነው። የኢንጂነር ነገር፣ ወዲያው በጭንቅላቴ አባዛሁት። አንድ ክንድ ግማሽ ሜትር ብትሉት 3,333 ሜትር ይመጣል፤ የግንቡ እውነተኛ ዙሪያም 3.3 ኪሎ ሜትር አካባቢ ነው። ተረት ብዬ ልንቀው የተዘጋጀሁበት ቁጥር ከምለው በላይ ልክ ሆነብኝ።

መስጊዶቹ ላይ ግን ልክ አልመጣም። ጋሼ 99 አሉ። ዩኔስኮ ጀጎልን በ1998 ዓ.ም. በዓለም ቅርስነት ሲመዘግብ የቆጠረው 82 መስጊድና 102 የቅዱሳን መቃብርና መካነ ጸሎት ነው። ይህን ስላቸው «ዘጠና ዘጠኙ የአላህ ስም ነው፤ የቀሩትን እነሱ አላዩዋቸውም» አሉና መንገዳችንን ቀጠልን።

ስለ አሚር ኑር ሲያወሩ አንድ ስህተት ሠራሁ። «የግራኝ አህመድ የእህት ልጅ ነበሩ አይደል?» አልኩ። ጋሼ አልተቆጡም። የሰው ስም አሳስቶ የጠራን ልጅ እንደሚያርሙት አድርገው «እኛ ኢማም አህመድ ነው የምንለው» አሉኝ። ከዚያ በኋላ ባነሷቸው ቁጥር «ኢማሙ፣ እናንተ ግራኝ የምትሏቸው» እያሉ ለእኔ ይተረጉሙልኝ ጀመር። አማርኛ በአማርኛ ሲተረጎምልኝ የመጀመሪያዬ ነበር።

ት/ቤት የተማርነው ታሪክ እዚህ ጋ ቆሞ ወደ ጎንደር ይሄዳል። ኢማሙ እ.ኤ.አ. በ1543 ወይና ደጋ ላይ ሞቱ፣ አለቀ። ሐረር ላይ ግን ገና መጀመሩ ነው። ባለቤታቸው ባቲ ድል ወምበራ ተርፋ ሐረር ተመለሰች። አሚር ኑርን አገባች፤ ታሪኩ እንደሚነገረው የባሏን ደም እንዲመልስላት ነው። እ.ኤ.አ. በ1559 አሚር ኑር አፄ ገላውዴዎስን በጦር ሜዳ ገደሉ። ድሉ ግን ለሐረር የሚበላ ነገር አላመጣም። ረሃብና ወረርሽኝ ተከተለ፤ ዙሪያውን የኦሮሞ መስፋፋት ነበር፤ የአዳል መንግሥት እየጠበበ፣ እየጠበበ መጥቶ አንዲት ከተማ ሆነ። ግንቡ የዚያ ዘመን ነገር ነው። አሚር ኑር ራሳቸውም እ.ኤ.አ. በ1567 ገደማ በወረርሽኝ ሞቱ። መቃብራቸው እንደ ንብ ቀፎ ወደ ላይ የሾለ ነው፤ ጋሼ ደጃፉ ላይ ጫማቸውን አውልቀው ትንሽ ቆሙ።

«ገላውዴዎስ በውጊያው ሞቱ» ብለው ነበር ያለፉት። እኔ አንብቤ ስለነበር «ራሳቸውን ቆርጠው እዚህ አምጥተውት የለ?» አልኩ።

ዞር ብለው አዩኝ። «አንብበሻል ማለት ነው።»

«ትንሽ።»

«ታዲያ ቀድመሽ አትነግሪኝም? በከንቱ ስጨነቅ» አሉና ሳቁ። ከዚያ በኋላ ትንሽ ፈታ አሉ፤ ግን ትንሽ ብቻ።

እግረ መንገዴን ስለ ሪቻርድ በርተን አንድ ነገር ልበል። እንግሊዛዊው እ.ኤ.አ. በጥር 1855 ሐረር ገብቶ አሥር ቀን ቆይቷል፤ መጽሐፉ ላይም ራሱን እዚህ የገባ የመጀመሪያ አውሮፓዊ አድርጎ ነው ያቀረበው። አንድ ክርስቲያን እግሩን ያስገባ ቀን ከተማዋ ትወድቃለች የሚል እምነት እንደነበርም ጽፏል። ሐረር ከ20 ዓመት በኋላ ወደቀች፤ የያዟት ግን ግብፆች ናቸው፣ እስላሞች። የራውፍ ፓሻ ጦር እ.ኤ.አ. በ1875 ገብቶ አሚሩን ገደለ፤ ለአሥር ዓመትም ከተማዋን ገዛ። እንግሊዞች ግብፅን ከያዙ በኋላ፣ እ.ኤ.አ. በ1885፣ ግብፆቹ ጓዛቸውን ጠቅልለው ወጡ፤ አሚር አብዱላሂም ሥልጣኑን ያዙ። አዲሱ አሚር የያዙት ትንሽ ጦርና ሁሉም የሚፈልጋት ከተማ ነበር፤ ጣሊያን ይፈልጋታል፣ እንግሊዝ ይፈልጋታል፣ የሸዋው ንጉሥም ይፈልጓታል።

ወደ ፈረስ መጋላ ስንደርስ እኩለ ቀን ሊሆን ነው። የፈረስ ገበያ ማለት ነው፤ አሁን የባጃጅ ገበያ ቢሉት ይሻላል። አደባባዩ ላይ የመድኃኔ ዓለም ቤተ ክርስቲያን አለ። እዚያው ጨለንቆ ላይ ለወደቁት ሐረሪዎች የቆመ መታሰቢያም አለ። ሁለቱን በአንድ ፎቶ ማስገባት ይቻላል። እኔም ስልኬን አወጣሁ።

ጋሼ ስለ ቤተ ክርስቲያኑ «በራስ መኮንን ዘመን የተሠራ ነው» አሉ። ስለ መታሰቢያው «ለሰማዕታት ነው» አሉ። ከዚያ «ወደ መኪና ግርግር እንሂድ፣ ልብስ ሰፊዎቹን ላሳይሽ» ብለው መንገድ ጀመሩ። ከጠዋት ጀምሮ ስለ አንድ የእንጨት በር አምስት ደቂቃ ሲያወሩ የነበሩ ሰው፣ ከተማዋ መሃል ላይ ደርሰው ሁለት ዓረፍተ ነገር ብቻ።

ያኔ ነው ጨለንቆን ተኝቼ እንዳለፍኩት ትዝ ያለኝ።

ነገሩ እንዲህ ነው። በ1879 ዓ.ም. በገና ሰሞን (በፈረንጆቹ ጥር 1887 መሆኑ ነው) የሸዋው ንጉሥ ምኒልክ ጦራቸውን ይዘው መጡ። ገና ንጉሠ ነገሥት አልሆኑም፤ ዘውዱ የአፄ ዮሐንስ ነበር። አሚር አብዱላሂ ከግንቡ ወጥተው ጨለንቆ ላይ ገጠሙ። ሸዋዎቹ በጠብመንጃም በቁጥርም ይበልጣሉ፤ ውጊያው ብዙ አልቆየም። አሚሩ ወደ ምሥራቅ ሸሹ፣ ምኒልክ ሐረር ገቡ። እ.ኤ.አ. በ1647 በአሊ ኢብን ዳውድ የተመሠረተው፣ የራሱን ገንዘብ ይመታ የነበረው የሐረር አሚርነት በዚያ አበቃ። ግብፆቹ ፈረስ መጋላ ላይ የሠሩት መስጊድ ነበር፤ መድኃኔ ዓለም የቆመው በእሱ ቦታ ነው። ከተማዋ ለአክስታቸው ልጅ ለመኮንን ተሰጠች፤ በኋላ ራስ የሆኑት፣ የአፄ ኃይለ ሥላሴ አባት። ከዘማቾቹ ብዙዎቹ እዚያው ቀሩ፤ በዙሪያው ገጠር መሬትና ገባር ተሰጣቸው። የቀሩት፣ የአያቴ አያትም አብረው፣ ወደ አገራቸው ተመለሱ።

ራስ መኮንን ከግንቡ ውጪ አፈወርቅ ተክሌ የሠራው፣ ፈረስ ላይ የተቀመጠ ሐውልት ነበራቸው። በሰኔ 2012 ዓ.ም.፣ ሀጫሉ በተገደለ ማግስት፣ ሰልፈኞች ገነደሱት። ቪዲዮውን አዲስ አበባ ሆኜ፣ ኢንተርኔት ሲመለስ ነው ያየሁት። ቤተሰብ ግሩፕ ላይ አጎቴ «ታሪክ እየጠፋ ነው» ብሎ ጻፈ፤ እኔም የሚያለቅስ ኢሞጂ አደረግኩ። የማን ታሪክ ብዬ አልጠየቅኩም። ብጠይቅም ኖሮ የምሰጠው መልስ አልነበረኝም።

መኪና ግርግር ስሙን ያገኘው ከስፌት መኪናዎቹ ድምፅ ነው፤ ሲሄዱበት ስሙ ራሱን ያብራራል። እዚያ ሻይ አስቀድተን ተቀመጥንና ጋሼን በቀጥታ ጠየቅኳቸው። «ለሁሉም ሰው አንድ ዓይነት ነው የሚናገሩት?»

«እንዴት አንድ ይሆናል?» አሉ፣ ጥያቄው ራሱ ገርሟቸው። «ፈረንሳይ ከመጣ ራምቦ፣ ራምቦ፣ ራምቦ ነው። ከዓረብ አገር የመጣ ስለ አው አባድር ይሰማል። የእኛው ዲያስፖራ ከካናዳ ሲመጣ የአያቱን ቤት ነው የሚፈልገው። ከአዲስ አበባ የመጣ ደግሞ…» ሻያቸውን አማሰሉ። «ፊቱን አያለሁ።»

«የእኔ ፊት ምን ይላል?»

«ገና እያየሁ ነው።»

ኮድ የሚጽፍ ሰው ይህን ይረዳል። አንድ ፕሮግራም ነው፤ እንደ ተጠቃሚው ግን የተለያየ ነገር ያሳያል። እኔ የገባሁበት አካውንት ምን ያህሉን ገጽ እንደደበቀብኝ ግን ማየት አልችልም። ጋሼ ይህን የለመዱት ለጉርሻ ብለው ብቻ አይመስለኝም። ልጅ ሆነው ጨለንቆ በር ተዘግቶ የሚወራ ነገር እንደነበር ነገሩኝ። በ1940 ዓ.ም. «ኩሉብ» በሚባለው እንቅስቃሴ ምክንያት ብዙ ሐረሪዎች ታስረዋል፣ ንብረታቸው ተወስዷል፣ ከተማቸውን ጥለው የወጡም አሉ። ከዚያ በኋላ ባደገ ልጅ ቤት ውስጥ፣ ከማውራት በፊት የሰሚን ፊት ማየት ሳይማሩ አይቀሩም።

ራምቦ ቤት የሚባለው ያምራል፤ ባለቀለም መስታወትና የተቀረጸ እንጨት ነው። ገጣሚው አርተር ራምቦ ግን አልኖረበትም፤ የሠራው ህንዳዊ ነጋዴ ነው። ራምቦ ሐረር መጀመሪያ የመጣው እ.ኤ.አ. በ1880 መጨረሻ ነው፣ ቡናና ቆዳ ለሚነግድ ድርጅት ተቀጥሮ። በ1887 ለምኒልክ ጠብመንጃ ይዞ አንኮበር ሲደርስ ንጉሡ ሐረርን ይዘው ነበር፤ ሒሳቡን የሰጡትም ሐረር ላይ መኮንን እንዲከፍለው አዝዘው ነው። ድል የተደረገችው ከተማ የጠብመንጃ ዕዳ ከፈለች ማለት ነው። ይህ ነገር ላይ ስንት ፊልም መሥራት ይቻል ነበር፤ እኛ ግን ያገኘነው ከስታሎን ጋር የሚምታታ ስም ነው።

ከሰዓት በኋላ አንድ የሐረሪ ቤት ገባን፤ ግድር ጋር ይባላል፣ ትልቁ ቤት ማለት ነው። ሳሎኑ ውስጥ ነደባ የሚሏቸው አምስት መደቦች አሉ፣ ከፍታቸው የተለያየ። ማን የት እንደሚቀመጥ የታወቀ ነው፤ የአባወራው መደብ በሩን ፊት ለፊት ያያል፣ አጠገቡም የጦር መስቀያ አለ። ግድግዳው በሰሃንና በስፌት ተሸፍኗል። ከጎን ኪርታት የምትባል ጠባብ ክፍል አለች፣ አዲስ ሙሽሮች የሚቆዩባት። የቤቱ እመቤት ሰባ ዓመት ይሆናቸዋል፤ ቡና እያፈሉ ነበር።

መደቦቹና ወለሉ ቀይ ናቸው። «ቀይ አፈር ነው፣ ለውበት» አሉኝ ጋሼ።

አንድ ሌላ አስጎብኚ፣ ወጣት ልጅ፣ ሁለት ፈረንጆች ይዞ ከእኛ ቀድሞ ገብቷል። በእንግሊዝኛ ነው የሚያስረዳቸው፣ ድምፁም ዝቅ ያለ አይደለም። ቀዩ ቀለም ጨለንቆ ላይ የፈሰሰው ደም መታሰቢያ እንደሆነ ነገራቸው። ሴትየዋ እጇን ደረቷ ላይ አደረገች። እኔ መደቡ ላይ ነበር የተቀመጥኩት። እጄን አነሳሁ፤ ለምን እንዳነሳሁት አላውቅም።

«ጋሼ» አልኩ ቀስ ብዬ፣ «ልጁ ሌላ ነገር ሲል ሰማሁት።»

ጋሼ ዝም አሉ። የመለሱልኝ የቤቱ እመቤት ናቸው፣ ከረከቦታቸው ቀና ሳይሉ፣ በጥሩ አማርኛ። «እናቴ እንደዚያ ነው የነገረችኝ። እሷም ከእናቷ ነው የሰማችው። ቀይ አፈሩ እውነት ነው፣ ደሙም እውነት ነው። ቡናሽን ጠጪ።»

ጠጣሁ። ፈረንጆቹ ፎቶ አንስተው ወጡ። ከዚያ ነገርኳቸው፤ የአያቴ አያት ከምኒልክ ጋር መዝመታቸውን፣ አያቴ ይህንን ለእንግዳ ሁሉ ታወራ እንደነበር፣ እኔም ጠዋት «ሸዋ» ብዬ እዚያ ላይ ማቆሜን። ይቅርታ መጠየቅ ይሁን መረጃ መስጠት እኔም አልለየሁትም። 138 ዓመት አልፎታል። እኔ ያደረግኩት ነገር የለም፤ እሳቸውም የደረሰባቸውን እኔ ላይ አልጫኑም። ያም ሆኖ የሰው ቤት ቡና እየጠጡ የዘማች ልጅ መሆንን መደበቅ ከበደኝ።

እመቤቲቱ ሁለተኛውን ቀዱልኝ። ጋሼ ግን ፊታቸው በራ። ከጠዋት ጀምሮ ሲፈልጉት የነበረውን ገጽ ያገኙ ይመስል ጠጋ ብለው ተቀመጡና ያወሩ ጀመር። የቅድመ አያታቸውን ስም ጠሩ፣ የአባቱን ስም ጠሩ፣ ከየትኛው በር አጠገብ ይኖሩ እንደነበር፣ ከጨለንቆ ማን እንደተመለሰና ማን እንዳልተመለሰ። አሚሩ ሸዋዎቹ በበዓል ተዘናግተው ይሆናል ብለው ገናን መምረጣቸው እንደሚወራ፣ ጠዋት የወጡ ሰዎች ቤት ውስጥ ምሳ እየተሠራላቸው እንደነበር። ከዚያ በኋላ ስለነበረው ግብር፣ ስለ ራስ መኮንን ጥሩውንም መጥፎውንም። እ.ኤ.አ. በ1902 ባቡሩ ድሬዳዋ ሲደርስ ንግዱ ወደ ቆላ መውረዱን፣ ምኒልክ ያላጠፉትን ገበያ ባቡር እንዳጠፋው። ያን ያህል ሰዓት ስንዞር ያልሰማሁት ሐረር ነበር። እመቤቲቱ አንዳንዴ በሐረሪኛ ያርሟቸዋል፤ ጋሼ ይቀበላሉ ወይም ይከራከራሉ። በመሃል እኔን ረስተውኝ በራሳቸው ቋንቋ ብቻ የቀጠሉበት ጊዜም ነበር። አልከፋኝም።

ማታ ጅብ ሲበላ አየሁ፤ ሁሉም የሚያየውን ነው ያየሁት፣ አልጽፈውም።

ከዚያ በፊት ግን፣ ጋሼ እስከ ሸዋ በር ሸኝተውኝ ሒሳባቸውን ስሰጣቸው፣ ብሩን ሳይቆጥሩ ኪሳቸው ከተቱና «ስማቸው ማን ነበር?» አሉኝ።

«የማን?»

«የአያትሽ አያት። የዘመቱት።»

አፌን ከፈትኩ። እኛ ሰባት ቤት የምንቆጥር ሰዎች ነን፤ በአባቴ በኩል እስከ ስምንተኛ ድረስ ሳላቋርጥ እጠራለሁ። ይሄ ግን በእናቴ እናት በኩል ነው። አያቴ ሁሌም «አያቴ» ነበር የምትለው። ስም ሰምቼ አላውቅም።

«አላውቀውም» አልኩ።

ጋሼ ራሳቸውን ነቀነቁ። «ጠይቂና ደውዪልኝ» ብለው ስልካቸውን ጻፉልኝ።

ሆቴል ገብቼ እናቴ ጋ ደወልኩ። እሷም አታውቀውም። ትንሽ አሰበች፣ አንድ ስም ልትል ጀምራ ተወችው፣ ምናልባት ቡልጋ ያለችው አክስቷ ታውቅ እንደሆነ ነገረችኝ።

«ግን ምን ልታደርጊው ነው?» አለችኝ።

«አንድ ሰው ጠየቀኝ» አልኳት።